«በድን ሆኜ ቆምኩ» ላለችን ነርስ

«ጤና ይስጥልኝ። ነርስ ነኝ፤ ከተመረቅሁ ገና ዓመት አልሞላኝም። ከሦስት ወር በፊት በራሴ ጥያቄ ወደ ድንገተኛ ክፍል ተዛወርኩ። ሥራውን ስለምወደው ስለ ፅኑ ሕሙማን ሕክምና የተጻፉ ወፋፍራም መጻሕፍት ገዝቼ ማታ ማታ አነባለሁ። የመተንፈሻ ማሽን እንዴት እንደሚሠራ፣ የወረደ የደም ግፊት ከፍ የሚያደርጉ መድኃኒቶች በምን መጠን እንደሚሰጡ በቃሌ ይዤአለሁ።

ባለፈው ሳምንት አንድ በሃምሳዎቹ ዕድሜ ያለ ሰው ደረቱን ይዞ ገባ። ካኑላ (ደም ሥር ውስጥ የሚገባ ቀጭን ቱቦ) ላስገባለት እጁን እንደያዝኩ ዓይኑ ተገለበጠ። ትንሽ እንደ ማንኮራፋት አለና ዝም አለ። እኔም ዝም አልኩ። ያነበብኩት ሁሉ ጠፋብኝ፤ ካኑላውን እንደያዝኩ በድን ሆኜ ቆምኩ። ደረቱን መግፋት የጀመረችው ከሌላ አልጋ ሮጣ የመጣች ባልደረባዬ ናት። ልቡ ያኔ ተመለሰ፤ ከሁለት ቀን በኋላ ግን ፅኑ ሕሙማን ክፍል ውስጥ ዐረፈ። የገደሉት እኔ የቆምኩባቸው ሃያ ሠላሳ ሰከንዶች ይሆኑ? ለዚህ ሥራ አልተፈጠርኩም ማለት ነው? ከሆነስ ሆነና ከየት ልጀምር? የ14 ዓመት ወንድሜ ደግሞ የመጀመሪያ ዕርዳታ አስተምሪኝ እያለ ይወተውተኛል። እኔ ሳላውቅ ምን ላስተምረው ብዬ እያሳበብኩ አሳልፈዋለሁ።

ተረኛዋ»

ተረኛዋ እህቴ፣

ብዙ ጥያቄ ጠይቀሻል፤ እንቅልፍ የነሳሽ ግን አንዱ እንደሆነ ከአጻጻፍሽ ይታየኛል። ከእሱ ልጀምር።

ሃያ ሰከንድ ምንም አይደለም ብዬ አልሸነግልሽም። ልብ ሲቆም አእምሮ ያለ ኦክስጅን ብዙ አይታገሥም፤ ከአራት ደቂቃ ገደማ ጀምሮ የማይመለስ ጉዳት ሊደርስበት ይችላል። ደረቱ ሳይገፋ፣ የኤሌክትሪክ ንዝረት የሚያስፈልገውም ንዝረቱን ሳያገኝ በሚያልፈው በእያንዳንዱ ደቂቃ የመትረፍ ዕድሉ ከ7 እስከ 10 በመቶ እየቀነሰ ይሄዳል። ሰከንዶቹን የቆጠርሻቸውም ይህን ስለምታውቂ ነው። ይሁንና ያ ሰው በግማሽ ደቂቃ ውስጥ ደረቱ ላይ እጅ አርፎለታል፤ ልቡም ተመልሶለታል። ቤቱ ወይም መንገድ ላይ ከሚወድቀው ስንቱ ይህን ያገኛል? ከሁለት ቀን በኋላ ለሞት ያበቃው መጀመሪያውኑ ደረቱን አስይዞ ያመጣው ሕመም ይሁን ሌላ፣ እኔ በሩቅ ሆኜ የምፈርደው አይደለም። አንቺም በራስሽ ላይ እንዲህ ያለ ፍርድ ለመስጠት የሚያበቃ ነገር በእጅሽ የለም። በእጅሽ ያለው ሮጣ የደረሰችው ባልደረባሽ ናት። አንድ ቀን ከሥራ በኋላ አብረሻት ተቀመጪና ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ንገሪያት፤ እሷም ያየችውን ትንገርሽ። የክፍሉን ኃላፊም በጉዳዩ ላይ ሁላችሁም እንድትወያዩበት ጠይቂ። ብቻሽን ተሸክመሽው ከከረምሽ ትምህርቱ ይጠፋና ጸጸቱ ብቻ ይቀራል።

በደብዳቤሽ ውስጥ ሳትጠይቂኝ የነገርሽኝ ትልቅ ነገር አለ። «እንደ ማንኮራፋት አለ» ብለሻል። ያ ማንኮራፋት ነው ያታለለሽ ብዬ እገምታለሁ። ልብ በቆመ በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ብዙ ሕሙማን አልፎ አልፎ አየር ይስባሉ፤ ያንኮራፋሉ፣ ያጓራሉ፣ አፋቸው እንደ ዓሣ ይከፈትና ይዘጋል። ይህ ማጣጣር እንጂ ትንፋሽ አይደለም። ከአእምሮ ግርጌ የሚመጣ የመጨረሻ ምላሽ ነው እንጂ ሳንባን በአግባቡ አይሞላም። ስንት ልምድ ያለው ሰው «ይተነፍሳል እኮ!» እያለ ሲጠብቅ አይቻለሁ። አንዳንዴም ልክ በዚያች ቅጽበት ሰውነቱ ይንዘፈዘፋል፤ የሚጥል በሽታ ይመስላል። ስለዚህ ይህቺን አንዲት ነገር ከሁሉ በፊት ያዢ፦ ተጠርቶና ትከሻው ተነክቶ የማይነቃ፣ ትንፋሹም ጤናማ ያልሆነ ሰው ካጋጠመሽ ልቡ እንደቆመ ቁጠሪው። የአንገቱን የደም ሥር መዳሰስ ብትፈልጊ ከ10 ሰከንድ አትለፊ። ከተጠራጠርሽ መግፋቱን ጀምሪ። ልቡ ሳይቆም ደረቱ የተገፋ ሰው ከባድ ጉዳት የሚደርስበት ከስንት አንዴ ነው፤ ልቡ ቆሞ ያልተገፋ ሰው ግን ይሞታል።

አሁን ወደ መደንገጥሽ። በድን ሆኖ መቆም የልብ ድክመት አይደለም፤ ለሥራው አለመፈጠርም አይደለም። ሰው ሲደነግጥ ሐሳቡ ይጠባል። ያኔ ማታ ማታ ያነበብሽው ምዕራፍ እንዲመጣልሽ ብትጠብቂ አይመጣም፤ የሚመጣው እጅሽ ደጋግሞ የሠራው ነገር ብቻ ነው። እጅሽ ደጋግሞ የሠራው ደግሞ ካኑላ ማስገባት ነበር፤ ለዚህ ነው ካኑላውን ይዘሽ የቀረሽው። እህቴ፣ አንቺ ላይ የደረሰው «የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች» የሚባለው ነው። ቆጡ ላይ ያለው የመተንፈሻ ማሽንና የመድኃኒት መጠን ነው፤ ብብትሽ ውስጥ ያለው ጉሮሮ መክፈት፣ ትንፋሽ መቁጠር፣ ደረት መግፋት ነው። የቆጡም ያስፈልጋል፤ ይደርሳል። ግን ወደ እሱ የሚወጣው በብብትሽ ባለው ነው።

ይህን የምልሽ ለማጽናናት ብቻ አይደለም፤ ፅኑ ሕሙማን ክፍል የሚባለው ነገር ራሱ የተወለደው ከባዶ እጅ ነው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1952 ኮፐንሃገን ውስጥ ከባድ የፖሊዮ ወረርሽኝ ተነሣ። የመተንፈሻ ጡንቻቸው የሰለለባቸው ሕሙማን ወደ ብሌግዳም ሆስፒታል ጎረፉ፤ የመተንፈሻ መሣሪያው ግን በጣት የሚቆጠር ነበር። ቢዮርን ኢብሰን የተባለ የማደንዘዣ ሐኪም አንዲት የ12 ዓመት ልጅ ጉሮሮዋ በቀዶ ሕክምና ተከፍቶ ቱቦ እንዲገባላት አደረገ። ከዚያ ከቱቦው ጋር የተያያዘውን ከረጢት በእጁ እየጨመቀ አየር ይሰጣት ጀመር። ልጅቱ ተረፈች። ቀጥሎ ወደ 1,500 የሚጠጉ የሕክምናና የጥርስ ሕክምና ተማሪዎች ተጠሩ፤ ሌት ተቀን በፈረቃ እየተተካኩ በየአልጋው ራስጌ ተቀምጠው ከረጢት ጨመቁ። እስቲ አስቢያቸው፤ ብዙዎቹ ከአንቺ ያነሰ ነበር የሚያውቁት። ቀድሞ መተንፈስ ካቃታቸው ሕሙማን አብዛኞቹ ይሞቱ ነበር፤ ወረርሽኙ ሳያበቃ የሚሞቱት ከአራት አንድ ወደሚሆኑበት ወረደ። ኢብሰን በቀጣዩ ዓመት እዚያው ከተማ ውስጥ የመጀመሪያው የሚባለውን የፅኑ ሕሙማን ክፍል አቋቋመ። ማሽኖቹ በኋላ የመጡት የእነዚያን ተማሪዎች እጅ ለመተካት ነው። ማሽኑ ሲበላሽ ወይም መብራት ሲጠፋም የሚመለሰው ወደዚያው ከረጢት ነው።

እንግዲህ መማር ያለብሽ ቅደም ተከተሉን ነው። የድንገተኛ ሕክምና ሰዎች ኤ፣ ቢ፣ ሲ፣ ዲ፣ ኢ እያሉ የሚቆጥሩትን ትምህርት ቤት ተምረሽዋል፤ ፈተናም ላይ ጽፈሽዋል። አሁን ከፈተና አውጥተሽ እጅ ውስጥ የምታስገቢበት ጊዜ ነው። የአየር መንገድ፣ ትንፋሽ፣ የደም ዝውውር፣ ንቃት፣ ከዚያ ገላን ገልጦ ማየት። ይህ ተራ የተደረደረው በሚገድልበት ፍጥነት ነው፤ የተዘጋ ጉሮሮ ከደም መፍሰስ ይቀድማል፣ ደም መፍሰስ ከተሰበረ እግር ይቀድማል። አንዱ ጋ ችግር ካገኘሽ እዚያው አስተካክለሽ ነው ወደ ቀጣዩ የምታልፊው። አንድ ነገር ባደረግሽ ቁጥር፣ ወይም ሕመምተኛው በተለወጠ ቁጥር ደግሞ ከ«ኤ» ትጀምሪያለሽ። ደም ጎርፎ እየታየ ከሆነ ብቻ ከሁሉ በፊት እሱን ትጫኚያለሽ።

የአየር መንገድ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ብዙ ሰው የሚሞተው እዚህ ነው፤ ብዙ ሰው የሚድነውም እዚህ ነው። ራሱን የሳተ ሰው ምላሱ ወደ ኋላ ይወድቅና ጉሮሮውን ይዘጋል። የሚናገር ሰው መንገዱ ክፍት ነው፤ የሚያንኮራፋ በከፊል ተዘግቶበታል፤ የሚንቦጫረቅ ድምፅ ካለ ፈሳሽ አለና ሰክሽን (ፈሳሹን የሚስብ መሣሪያ) ይፈልጋል። ግንባሩን ወደ ኋላ፣ አገጩን ወደ ላይ አድርጊ። የአንገት ጉዳት ከተጠረጠረ ጭንቅላቱን ሳታንቀሳቅሺ መንጋጋውን ከኋላ ይዘሽ ወደ ፊት ግፊው። ሁለት እጅ፣ ሦስት ሰከንድ። ሰማያዊ የነበረ ከንፈር በዚህ ብቻ ሲቀላ ያየሁበትን ቀን አልረሳውም።

ጭንብል ተገጥሞለት በእጅ የሚጨመቀውን የአየር ከረጢት በሚመለከት መጽሐፉ ላይ ያለው ሥዕል ያታልላል፤ አንድ ሰው በአንድ እጁ ጭንብሉን ይዞ በሌላው ሲጨምቅ ያሳይሻል። በተግባር አየሩ በጎን ያመልጣል። ሁለት ከሆናችሁ አንዱ ጭንብሉን በሁለት እጁ ይያዝ፣ ሌላው ይጭመቅ። ጭንብሉን ፊት ላይ አትጫኚው፤ መንጋጋውን ወደ ጭንብሉ ሳቢው። ደረቱ ከፍ ሲል ካየሽ በቂ ነው፤ ከዚያ በላይ አትጭመቂ። ልቡ እየመታ ትንፋሹ ለቆመ አዋቂ በየ6 ሰከንዱ አንድ ጊዜ ነው። የደነገጠ እጅ ሁልጊዜ ይፈጥናል፤ የፈጠነ እጅ ደግሞ ጨጓራውን በአየር ይነፋል፣ ያስታውካል፣ ደም ወደ ልብ እንዳይመለስም ያግዳል። ስለዚህ ጮክ ብለሽ ቁጠሪ።

ትንፋሽ መቁጠር የሚናቅ ሥራ መሆኑ ያሳዝነኛል። ሞኒተሩ ላይ የልብ ምትና የኦክስጅን መጠን ስለሚታይ ሁሉም እሱን ያያል፤ የትንፋሹ ቦታ ላይ በየመዝገቡ «20» ተብሎ ይሞላል። አንቺ አንድ ደቂቃ ሙሉ ደረቱን እያየሽ ቁጠሪ። አዋቂ ሰው ተኝቶ ከ12 እስከ 20 ነው የሚተነፍሰው። 28፣ 30 ከሆነ ኦክስጅኑ ጥሩ ቢሆንም ሰውነቱ የሆነ ነገር እየታገለ ነው ማለት ነው። ሆስፒታል ተኝተው ልባቸው ከሚቆም ሰዎች ብዙዎቹ ሰዓታት ቀድመው ምልክት ሰጥተዋል፤ ያየላቸው ሰው ሲጠፋ ነው ድንገት የሚመስለው። ጎበዝ የድንገተኛ ክፍል ነርስ ማለት ልብ ሲቆም የምትሮጥ ብቻ አይደለችም፤ ቀድማ «ይሄ ሰው አላማረኝም» ብላ ሐኪሙን የምትጠራ ናት። እንዲህ ስትዪ ማንም ቢያመናጭቅሽ አትፈሪ።

የደም ዝውውሩን ባጭሩ፤ ይህን ታውቂዋለሽ። እጅና እግሩ ቀዝቅዟል? የጣቱን ጫፍ ተጭነሽ ስትለቂው ከ2 ሰከንድ በላይ ነጭ ሆኖ ይቆያል? የደም ግፊቱ ሳይወርድ በፊት እነዚህ ይናገራሉ።

ንቃት ላይ ስትደርሺ ግን የራሴን ልንገርሽ። በመጀመሪያ የሥራ ዓመቴ አንዲት ራሷን የሳተች ሴት መጣችልን። አንድ ጎኗ የደከመ ይመስል ነበር፤ ስትሮክ ነው ብለን የጭንቅላት ምርመራ ለማሠራት ስንሯሯጥ አርባ ደቂቃ ገደማ አለፈ። ከዚያ አንዲት አንጋፋ ነርስ ፈረቃ ልትረከብ ገባች፣ ምንም ሳትናገር ጣቷን ወግታ ስኳሯን ለካች። 28 ሚሊግራም በዴሲሊተር! ጤናማው ከ70 በላይ ነው። ግሉኮስ በደም ሥሯ እየገባ ሳለ ሴትዮዋ ዓይኗን ገልጣ የት እንዳለች ጠየቀች። ያቺ አንጋፋ ነርስ አልተቆጣችኝም፤ መለኪያውን እጄ ላይ አስቀምጣልኝ ወደ ሥራዋ ሄደች። ከዚያ ቀን ወዲህ ራሱን የሳተ፣ የተወራጨ፣ የተንቀጠቀጠ ወይም ግራ የተጋባ ሰው ስኳሩ ሳይለካ ከእጄ አልፎ አያውቅም። ያንቺ ሃያ ሰከንድ የኔ አርባ ደቂቃ ነው፤ ይኸው ዛሬም ይዤው እሠራለሁ።

ደረት መግፋቱን በተመለከተ ቁጥሮቹ ይታወቁሽ ይሆናል። መሐል ደረት፤ በደቂቃ ከ100 እስከ 120፤ ለአዋቂ ከ5 እስከ 6 ሳንቲ ሜትር ጥልቀት፤ ከ30 ግፊት በኋላ ሁለት ትንፋሽ። መጽሐፍ የማይነግርሽን ልንገርሽ፦ 5 ሳንቲ ሜትር ከምታስቢው በላይ ጥልቅ ነው፤ አሻንጉሊት ላይ ካልሞከርሽው አታምኚም። የጎድን አጥንት ሲሰበር ትሰሚ ይሆናል። ያ ድምፅ ያስቆምሻል፤ አትቁሚ፤ እጅሽ ቦታው ላይ መሆኑን አይተሽ ቀጥዪ። በእያንዳንዱ ግፊት መካከል ክብደትሽን ሙሉ በሙሉ ከደረቱ ላይ አንሺ፤ ልብ በደም የሚሞላው ያኔ ነውና። ከሁለት ደቂቃ በኋላ አልደከመኝም ብትዪ እንኳ ተቀየሪ፤ ሰው ድካሙ የሚሰማው ግፊቱ ከቀለለ በኋላ ነው። ባቆምሽ ቁጥር ወደ ልብ የደም ሥሮች የሚሄደው ግፊት ወዲያው ይወርዳል፤ መልሶ ለማምጣት ደግሞ ብዙ ግፊት ይጠይቃል። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1960 ይህን ዘዴ ለዓለም ያስተዋወቁት የአሜሪካው ጆንስ ሆፕኪንስ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች በጽሑፋቸው የሚያስፈልገው ሁለት እጅ ብቻ ነው ብለው ነበር። ሁለት እጅ አለሽ።

በዚያው ዓመት ነው የመለማመጃዋ አሻንጉሊት የወጣችው። የሠራት ኦስሙን ላርዳል የሚባል ኖርዌያዊ የአሻንጉሊት አምራች ነበር፤ እሱ ራሱ ቀደም ሲል ሊሰጥም የነበረ ትንሽ ልጁን ከውኃ አውጥቶ ያተረፈ አባት ነው። መሥሪያ ቤትሽ ውስጥ እንዲህ ያለች አሻንጉሊት የሆነ መጋዘን ውስጥ አቧራ ለብሳ እንደምትገኝ እጠረጥራለሁ፤ ብዙ ቦታ እንደዚያ ናት። ጠይቂና አስወጪያት። በዓመት አንድ ቀን ሙሉ ሥልጠና ወስዶ ምስክር ወረቀት ማንጠልጠል ብዙ አይጠቅምሽም። የደረት ግፊት ችሎታ ከሦስት እስከ ስድስት ወር ባለው ጊዜ ውስጥ መድከም ይጀምራል። በሳምንት አንድ ቀን፣ ፈረቃ ከመጀመሩ በፊት ሁለት ደቂቃ ብትገፊ ይሻልሻል። ሌላ ሰው ጎትተሽ ብታመጪ ደግሞ ይበልጥ ጥሩ ነው፤ ያን ለት የጎደለሽ እጅ ብቻ ሳይሆን አፍም ነበርና።

አፍ ስል የምሬን ነው። የመጀመሪያዋን ቃል አሁኑኑ ምረጪ፤ ለምሳሌ «ልቡ ቆሟል፣ እርዱኝ!»። ቤትሽ ውስጥ ጮክ ብለሽ በያት፣ አሥር ጊዜ። የሚያፍር ሰው በዚያች ሰዓት ድምፁ አይወጣም። ስትጮሂ አልጋውን ዝቅ አድርጊ፣ እጅሽን ደረቱ ላይ አሳርፊ። ሰው ሲመጣልሽ «አንድ ሰው አድሬናሊን ያምጣ» አትበዪ፤ ለአንድ ሰው የተባለ ነገር የማንም አይደለም። ስም ጠርተሽ፣ ዓይን ዓይኑን አይተሽ ንገሪው፤ እሱም የሰማውን ደግሞ ይንገርሽ፣ ሲያደርገውም «ሰጥቻለሁ» ይበልሽ።

ለመጪዎቹ ሦስት ወራት እነዚያን ወፋፍራም መጻሕፍት ዝጊያቸው ልልሽ ነው። በመጀመሪያው ወር የመጀመሪያዋን ደቂቃ ብቻ ተማሪ፤ ጠርቶ ማንቃት፣ እርዳታ መጥራት፣ ትንፋሽ ማየት፣ መግፋት። ሥራ በገባሽ ቁጥር ማንም ሳያዝሽ የድንገተኛውን ጋሪ ራስሽ ክፈቺ። ከረጢቱን ጨምቀሽ ዕዪው፤ የልጅ ጭንብል አለ? ሰክሽኑ ይስባል? የኦክስጅኑ ሲሊንደር ባዶ አይደለም? የኤሌክትሪክ ንዝረት የሚሰጠው ዲፊብሪሌተር ተሰክቷል? ይህ አምስት ደቂቃ አይፈጅም፤ በጨለማ እንኳ እጅሽ የት እንደሚሄድ ያስተምረዋል። ከዚያ የሚገባውን ሕመምተኛ ሁሉ፣ ጣቱ የተቆረጠውንም ሳይቀር፣ ከኤ እስከ ኢ አልፈሽበት ሂጂ። ደህናው ላይ ያልለመድሽው ተራ በጠና በታመመው ላይ አይመጣልሽም። ሥልጠና የሚሰጥበት ቦታ ከተገኘ የዓለም ጤና ድርጅትና የቀይ መስቀል ዓለም አቀፍ ኮሚቴ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2018 ያወጡት የመሠረታዊ ድንገተኛ ሕክምና ሥልጠና አለ። የተዘጋጀው ብዙ መሣሪያ በሌለበት ለሚሠሩ እንዳንቺ ላሉ ባለሙያዎች ነው፤ አደጋን፣ የመተንፈስ ችግርን፣ ሾክን (የደም ዝውውር መዳከምን) እና የንቃት መለወጥን በዚሁ ቅደም ተከተል ያስተምራል። በአራተኛው ወር መጻሕፍትሽን ክፈቺ። ያኔ የመተንፈሻ ማሽኑ ምዕራፍ ስለ ምን እንደሚያወራ እጅሽ ቀድሞ ይገባዋል።

ወንድምሽን አታሳብቢበት። 14 ዓመት በቂ ዕድሜ ነው፤ የዓለም ጤና ድርጅት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2015 ከ12 ዓመት ጀምሮ ያሉ ተማሪዎች በዓመት ሁለት ሰዓት ልብ ሲቆም የሚሰጠውን ዕርዳታ እንዲማሩ የቀረበውን ሐሳብ ደግፏል። ደግሞም አንድን ነገር ለልጅ ማስረዳት ሲያቅትሽ ያልገባሽ የቱ እንደሆነ ትደርሺበታለሽ። በአንድ ቀን ሁሉን አትጫኚበት። መጀመሪያ ራሱን መጠበቅን አስተምሪው፤ ኤሌክትሪክ የያዘውን ሰው ኃይሉ ሳይቋረጥ አይንካ፣ መዋኘት እችላለሁ ብሎ ውኃ ውስጥ እየሰጠመ ወደሚታገል ሰው አይዝለል፤ ገመድ ወይም የሚንሳፈፍ ነገር ይወርውር። ቀጥሎ ስልክ መደወልን፦ የት እንዳለ፣ ምን እንደሆነ፣ ስንት ሰው እንደተጎዳ ይናገር፤ እነሱ ዝጋ ሳይሉት አይዝጋ። ከዚያ መግፋትን፤ ወፍራም ትራስ ላይ ተራውንና ፍጥነቱን ይለማመድ። አፍ ለአፍ መስጠት ካልደፈረ መግፋት ብቻውንም ይበቃዋል በዪው፤ ሕፃን ልጅና ከውኃ የወጣ ሰው ግን ትንፋሽም ይሻሉ።

ደም ሲፈስ ጨርቅ አድርጎ አጥብቆ መጫን፣ እየገለጠ አለማየት። ከእጅ ወይም ከእግር የሚፈስ ደም በመጫን አልቆም ካለና ተርኒኬት (ደም ለማስቆም እጅን ወይም እግርን የሚያጠብቅ ማሰሪያ) ካለ ከቁስሉ በላይ ከ5 እስከ 7 ሳንቲ ሜትር ርቆ፣ መገጣጠሚያ ላይ ሳይሆን፣ ደሙ እስኪቆም ማጥበቅና ሰዓቱን መጻፍ። ቃጠሎ ላይ ለ20 ደቂቃ የሚፈስ ቀዝቃዛ ውኃ እንጂ በረዶ፣ የጥርስ ሳሙና ወይም ቅባት አይደረግም። የሚጥል በሽታ ያንዘፈዘፈው ሰው አፍ ውስጥ ምንም አይከተትም፤ ጭንቅላቱ ሥር ለስላሳ ነገር አድርጎ ሰዓት ማየት፣ 5 ደቂቃ ካለፈ አምቡላንስ። ሲያበቃና ሲተነፍስ በጎኑ ማስተኛት። ይህን በጎን ማስተኛት አንቺ ተኝተሽለት አሥር ጊዜ ያድርገው፤ ቀላል ስለሆነ ሁሉም የሚያውቀው ይመስለዋል፤ ጊዜው ሲደርስ ግን የቱ እጅ የት እንደሚሄድ ይጠፋዋል። ሲታነቅ ማሳል ከቻለ ይሳል፤ ድምፁ ከጠፋ አጎንብሶ በትከሻዎቹ መካከል አምስት ምት፣ ካልወጣ ከኋላ አቅፎ ከእምብርቱ በላይ አምስት ግፊት፣ እየተቀያየሩ። ዓመት ያልሞላው ሕፃን ግን ሆዱ አይገፋም፤ ከጀርባው ምት ቀጥሎ ደረቱ ነው የሚገፋው።

አንድ ነገር ደግሞ ንገሪው፤ ይህን ለሁለታችሁም ነው የምለው። ሁሉን በትክክል አድርጎም ሰው ሊሞትበት ይችላል። ከሆስፒታል ውጭ ልባቸው የሚቆም ሰዎች አብዛኞቹ አይመለሱም፤ በሆስፒታል ውስጥም ብዙዎቹ አይተርፉም። ልጅ ይህን ቀድሞ ካልሰማ የመጀመሪያው ሞት ይሰብረዋል። አንቺም ማንም ሳይነግርሽ ነው የደረሰብሽ፤ በዚህ በጣም አዝናለሁ። ለቅሶ ከመጣብሽ አልቅሺ። ሌሊቱን ያን ሰው ማየትሽ ከሳምንታት በኋላም ካልቀነሰ፣ ወደ ሥራ መሄዱ ራሱ ልብሽን ካንቀጠቀጠው የሥነ ልቦና ባለሙያ አነጋግሪ፤ ይህም የሥራችን አካል ነው።

የሚቀጥለው ፈረቃሽ መቼ እንደሆነ አልጻፍሽልኝም። መቼም ቢሆን ሩብ ሰዓት ቀድመሽ ግቢ፤ ጋሪውን ክፈቺ፣ ከረጢቱን አውጥተሽ መዳፍሽ ላይ አድርገሽ ጨምቂው። ከዚያ ያቺን ባልደረባሽን ፈልጊያትና አመስግኛት።